አቤት የማትለዋ ልጅ

በሸንበላ አደባባይ መካከል ገመድ የሌለው ደወል ተሰቅሎ ነበር። ሰው አይደውለውም። የወረንሳ መንግሥት የጥንት ነገሥታት ከሰማይ በወደቀ ብረት አሠርተው፣ በግዛታቸው አንድ ሕፃን ከቤቱ በተነጠቀ ጊዜ በራሱ እንዲጮኽ ቃል አስረውበት ሞቱ። ስሙንም የአቤት ደወል አሉት። ደወሉ ሲጮኽ የከተማይቱ በሮች ይዘጋሉ፣ ፈረሰኞች ይወጣሉ፣ መንገደኛው ሁሉ ካባውን ገልጦ ይፈተሻል። ከዚህ የተነሣ በወረንሳ ልጅ ሰርቆ ለማምለጥ የሚደፍር ሌባ ጠፍቶ፣ ደወሉ ሰባ ዓመት ሙሉ ዝም ብሎ የእርግቦች ማደሪያ ሆኖ ነበር።

የአዝመራ በዓል በሚከበርበት ቅዳሜ፣ ረፋድ ላይ፣ ድንገት ጮኸ። እርግቦቹ በረሩ። እምቢልታው ተቋረጠ፤ ንጉሡ ከዙፋናቸው ተነሡ፤ በአደባባዩ የነበሩ እናቶች ሁሉ ልጆቻቸውን ወደ ጉያቸው ሳቡ። ደወሉ አንዴ ጮኸ፤ ደገመ፤ ሠለሰ። ከሦስተኛው በኋላ አንድ ጸሐፊ እየሮጠ መጥቶ በሊቀ ዳኞቹ በአጽቁ ጆሮ አንድ ነገር ሹክ አለ። ሊቀ ዳኞቹ እጃቸውን አወዛወዙ፤ ሁለት ጠባቂዎች በመሰላል ወጥተው የደወሉን ምላስ በወፍራም በርኖስ ጠቀለሉት። ደወሉ በርኖሱ ውስጥ ሆኖ ለረጅም ጊዜ ተንቀጠቀጠ፤ ድምፁ ግን አልወጣም።

«ልጅቷን የወሰዳት አባቷ ነው» ተባለ። «አባት ከልጁ ጋር ቢሄድ ጉዞ ነው እንጂ ስርቆት አይደለም። ሕጉ እንዲህ ይላል።» እምቢልታው ቀጠለ፤ ሰውም ወደ ጭፈራው ተመለሰ።

የልጅቷ እናት እልፍነሽ ትባላለች። የሃያ ሦስት ዓመት ወጣት ስትሆን በሸንበላ የታወቀች ገመድ ገማጅ ነበረች። ከባሏ ከቢተው ጋር ከተለያዩ ሁለት ዓመት ሆኗቸዋል። ያኔ ሽማግሎች ተሰብስበው፣ ልጃቸው ካፊያ ከእናቷ ጋር እንድትኖር፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ከአባቷ ጋር እንድትውል ወስነው ነበር። ቢተው ክፉ አባት አልነበረም፤ ይህን እልፍነሽ ራሷ አትክድም። የአምስት ዓመቷን ልጁን በትከሻው ተሸክሞ ሲሄድ መንገደኛው ሁሉ ፈገግ ይላል። በዚያ ቅዳሜ ግን ቀይ ቀሚሷን አልብሳ ያስረከበችው ልጅ አልተመለሰችም። ቢተው ለጎረቤት አንድ መልእክት ብቻ ትቶ ነበር፦ «እኔ አባቴን ሳላውቅ አደግሁ፤ ልጄ እንደኔ አትሆንም።» ከዚያ ወደ ተወለደበት አገር፣ ከዶፋ ገደል ማዶ ወዳለው የጉም ምድር፣ ወደ ኢላሞር ይዟት ሄደ።

እልፍነሽ ሃያ አምስት ቀን ሙሉ ያላንኳኳችው በር አልነበረም። ዳኛው «የባልና የሚስት ነገር ነው፤ ሽማግሎች ጋ ሂጂ» አላት። ሽማግሎቹ «ከአገር ከወጣ ከእጃችን ወጥቷል፤ የበሩ ሹም ጋ ሂጂ» አሏት። የበሩ ሹም መዝገቡን ገልጦ ዐየና «ደወሉ ከጮኸ በኋላ በዚህ በር የወጣ ሰው የለም» አለ። ከመጮኹ በፊት ስለወጣው መጠየቅ የእርሱ ሥራ አልነበረም። ጸሐፊው ደግሞ ብዕሩን ቀለም ነክሮ «ወንጀሉን ምን ልበለው?» ብሎ ጠየቃት፤ «ልጄን ወሰደብኝ» ስትለው፣ «እሱማ ጉዞ ነው፤ በጉዞ ላይ ክስ አይጻፍም» ብሎ ብዕሩን ጠረገ። ክፉ ሰዎች አልነበሩም። ሁሉም «እግዜር ያጽናሽ» ብለው ነው ያሰናበቷት፤ አንዱ እንዲያውም አልቅሶላታል። ያለቀሰላት ሰውዬ ግን ከወንበሩ አልተነሣም።

ከዚያ እልፍነሽ በየማለዳው ከተጠቀለለው ደወል ሥር እየቆመች «አቤት! የዳኛ ያለህ! አቤት!» ብላ ስትጮኽ አርባ ቀን ሞላት። በአርባ አንደኛው ቀን አንድ ሽማግሌ ከአደባባዩ ጥግ በትራቸውን ተደግፈው መጡ። የቀድሞው አዋጅ ነጋሪ ጓንጉል ነበሩ። ሥራቸውን ከተዉ ብዙ ዘመን ቢሆናቸውም፣ ቤት መዋል ስለማይሆንላቸው እዚያው አደባባይ ተቀምጠው ይውላሉ።

«ልጄ፣ ወዴት ነው የወሰዳት?»

«ኢላሞር፣ አያ ጓንጉል።»

ሽማግሌው ግንባራቸውን በመዳፋቸው መቱ። «አይ የኔ ነገር! አርባ ቀን ሙሉ ስትጮኺ ስሰማሽ፣ ልጅቷ እዚሁ አገር ውስጥ ናት ብዬ! ይህ እኮ ሕግ አለው። የዶፋ ቃል ኪዳን ይባላል። በጉልምስናዬ በዚህ አደባባይ ያወጅኩት እኔው ራሴ ነኝ፤ ከዚያ ወዲህ ማንም ስላልጠየቀበት ሁሉም ረሳው።» ጉሮሯቸውን ጠርገው በዚያ በድሮው ድምፃቸው አሰሙት፦ «ስማ፣ ስማ! ከዶፋ ገደል ማዶ የተወሰደ ልጅ፣ መቶ ቀን ሳይሞላው ከጉሙ ዳኛ ፊት ይቅረብ። እናትም አባትም ሦስት ሦስት ጊዜ ይጥሩት። ጠርቶ አቤት የተባለ ልጁን ይውሰድ። መቶ ቀን ከሞላ በኋላ ግን ማንም አይጥራ፤ ጉሙ የቀድሞውን ቤት ከልቡ አጥቦታልና።»

እልፍነሽ ይህን ስትሰማ መሬት ላይ ዘፍ ብላ ተቀመጠች።

«ምነው? መድኃኒቱን አገኘንልሽ እኮ!»

«ልጄ አቤት አትልም» አለች።

«ዲዳ ናት እንዴ?»

«የለም፤ ስጠራት ወዬ ነው የምትለው። ከተወለደች ጀምሮ ወዬ እንጂ አቤት ብላኝ አታውቅም።»

«ስንት ጊዜ ነግሬሽ ነበር!» የሚል ድምፅ ከኋላቸው ተሰማ። የቢተው እናት ወይዘሮ ጠጂቱ ነበሩ፤ በቅሎ ጭነው፣ ነጠላቸውን አጣፍተው ቆመዋል። «ለታላቅ ወዬ ይባላል ወይ፣ ልጅቷን ሥርዓት አስተምሪያት ስልሽ፣ ‹ይተዋት፣ እማማ፣ ታምርባታለች› ትዪኝ ነበር። እንግዲህ አምሮልሻል! ተነሺ አሁን። የዶፋን መንገድ በሕይወት ካሉት ሰዎች ከእኔ በላይ የሚያውቀው የለም።»

እልፍነሽ አማቷ ልጃቸውን ትተው ከእርሷ ጋር ይቆማሉ ብላ አልጠበቀችም ነበር። አቅፋ ልታለቅስ ፈለገች፤ ወይዘሮ ጠጂቱ ግን ለቅሶ የሚወዱ ሴት አይደሉም። በበቅሎዋ ላይ ለሁለት ሰው የደርሶ መልስ ጉዞ የሚበቃ ስንቅ ነበር። ለእርሳቸው የተጫነው አንዲት ትንሽ ስልቻ ብቻ ነው። እልፍነሽ ይህን ዐይታ፣ የአሮጊት ሆድ ትንሽ ይበቃዋል ብላ አለፈችው።

ከመሄዷ በፊት እጇን የደወሉ ምሰሶ ላይ አድርጋ፣ ዳኞቹ በመስኮት እያዩ ማለች። «ሰማይና ምድር ይስሙኝ! ልጄን ሳልጠራ ብመለስ እጄ ገመድ አይግመድ፤ ስሜም በዚህች ከተማ አይጠራ! ይህ ደወል አፉን የሚፈታው እኔ ስመለስ ነው።» ሊቀ ዳኞች አጽቁ ወረዱና ማኅተማቸው ያለበት ደብዳቤ ሰጧት። «ወታደር ልሰጥሽ ሕጉ አይፈቅድልኝም። አቅሜ እስከዚህ ነው» አሉ፤ ፊታቸው ላይ ግን እፍረት ይታይ ነበር።

ጓንጉልም ስላወጁት ቃል ኪዳን ሊመሰክሩ በትራቸውን አንሥተው አብረዋቸው ወጡ። ሠላሳ ቀን የሚፈጅ መንገድ ነው። የአመድ ሜዳዎችን አለፉ፤ ውኃው ወደ ላይ የሚፈስበትን የጋሬን ወንዝ ተሻገሩ፤ በጉዞው በሃያ አምስተኛው ቀን ሙጭራ የሚባለው ጫካ ውስጥ ገቡ። በዚያ ጫካ ናፍቆ የሚባሉ ግራጫ ወፎች ይኖራሉ። ሥጋ አይበሉም፣ እህል አይለቅሙም፤ መንገደኛው በልቡ የያዘውን ሰው ድምፅ እያሰሙ ወደ ማጡ ይጠሩታል፣ በሰው እንባም ይጠግባሉ። ጓንጉል የሞተች ሚስታቸውን ሰምተው ጆሯቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ሄዱ። እልፍነሽ ግን ከዛፎቹ መካከል «እማ! እማ፣ ጠፋሁ!» የሚለውን ስትሰማ ወደ ድምፁ ዞረች። የካፊያ ድምፅ ነበር፤ ያ ትንሽ ጎርነን የሚለው እንኳ አልቀረም።

«እዚህ ናት! አምልጣ መጥታለች!» ብላ ከመንገዱ ወጣች።

«አንቺ ልጅ፣ ተመለሺ!» ወይዘሮ ጠጂቱ ጮኹ።

እልፍነሽ አንድ እግሯ ማጡ ውስጥ ሲገባ ቆም አለችና «ካፊያ!» ብላ ተጣራች።

ከጫካው ውስጥ፣ በጥሩ ሥርዓት፣ «አቤት!» የሚል መልስ መጣ።

እልፍነሽ እግሯን ከማጡ ነቅላ አወጣች። እያለቀሰች ትስቅ ነበር። «የኔ ልጅ አይደለችም» አለች። «የኔዋ ባለጌ ናት።» ወይዘሮ ጠጂቱም መንገዱን ሁሉ ስለ ወዬ የሚያነሡትን ወቀሳ ከዚያ ቀን ጀምሮ ተዉ።

በመጨረሻ ዶፋ ገደል አፋፍ ደረሱ። ታችኛው አይታይም፤ ማዶው ነጭ ጉም ብቻ ነው። ከዚህ ዳር እስከዚያ ዳር አንጓሎ የሚባለው ዘንዶ ተጋድሞ ይኖራል፤ መሻገሪያውም የእርሱ ጀርባ ነው። ከአፋፉ እስከ ጀርባው የሚያስወርድ ደረጃ ስለሌለ እልፍነሽ በእጇ የገመደችውን ገመድ ከዋርካ ሥር አሰረች። አዋጅ ነጋሪው ዐይናቸውን ጨፍነው እየወረዱ፣ ያለፉትን ሦስት ነገሥታት አዋጆች በሙሉ አነበነቡ። ዘንዶው አንድ ዐይኑን ከፈተ።

«መሄድ ቀላል ነው፤ ሂዱ» አለ። «ስትመለሱ ግን እወቁት። ከጉሙ ነፍስ ይዞ የሚወጣ፣ በምትኩ ነፍስ ትቶ ይወጣል። የኢላሞር ቁጥር አይጎድልም። እንግዳን በመቶ ቀኑ፣ ሊኖር የገባንና ለምትክ የቀረን ግን በዚያው ቀን እቆጥረዋለሁ።» ከዚያ ወደ ወይዘሮ ጠጂቱ ጫማ ዐየ። «ይህችን እግር አውቃታለሁ» ብሎ ዐይኑን መልሶ ጨፈነ።

ከተሻገሩ በኋላ እልፍነሽ ፊት ፊት ሄደች። ልቧ ወስኖ ነበር፤ ልጇ ትውጣ እንጂ እርሷ ትቀራለች። ትንሽ ቆይታ «እማማ» አለች፣ «ካፊያ የገመድ ጫፍ ካልያዘች እንቅልፍ አይወስዳትም። ትራሷ ሥር ያድርጉላት። ሽንኩርት ከወጡ ውስጥ ካልወጣላት አትበላም። ፀጉሯን ሲሠሯት ከጆሮዋ በላይ ያማታል።»

«ለእኔ ለምን ትነግሪኛለሽ?» አሉ ወይዘሮ ጠጂቱ። ከዚያ ገባቸው። አንድ ድንጋይ ላይ ተቀመጡና ነጠላቸውን አስተካከሉ። «እልፍነሽ፣ ዛሬ ልንገርሽ። ቢተው አባቱን ሳያውቅ ያደገው አባቱ ስለሞተ አይደለም። አምስት ዓመቱ ሳለ፣ ከባሌ ጋር ተጣልቼ፣ ሳላስፈቅድ ይዤው የወጣሁት እኔ ነኝ። በነጠላዬ ሥር ደብቄ በዚሁ ዘንዶ ጀርባ አሻገርኩት። መሐል ላይ ታፍኖ እንዳይሞትብኝ ፈርቼ ስሙን በሹክሹክታ ጠራሁት። ‹ወዬ› አለኝ፣ እሱም በሹክሹክታ። ዘንዶው የሰማ አልመሰለኝም። ያን ጊዜ ደወሉም አልጮኸ፣ የጠየቀኝም ዳኛ የለ። እናት ልጇን ይዛ ብትሄድ ማን ስርቆት ይለዋል? አባቱ በዚህኛው ዳር ቆሞ ሲጣራ ሞተ። ልጄ ይህን ያወቀ ዕለት አፉን ዘጋብኝ፤ ይኸው ሦስት ዓመት ነው ቃል ከተናገረኝ።»

እልፍነሽ ተናዳለች፤ አዝናለችም፤ ሁለቱም በአንድ ጊዜ ነበሩ። በስተመጨረሻ እጃቸውን ይዛ አስነሣቻቸው።

የጉሙ ዳኛ ኦርሜ የሚባሉ፣ ቅንድባቸው ሳይቀር የነጣ ሴት ነበሩ። ችሎት የሚቀመጡት ግድግዳ በሌለው ድንኳን ውስጥ ነው። ከመሐል ነጭ መጋረጃ ተጋርዶ፣ ልጅቷ ከመጋረጃው በስተጀርባ ተቀመጠች፤ የሚጠራትን ሰው ድምፅ እንጂ ፊት እንዳታይ። ካፊያ ከተወሰደች ዘጠና ስምንተኛው ቀን ነበር። ቢተው ከሲታ ሆኖ፣ ዐይኑ ቀልቶ፣ እናቱን እንዳላየ አልፎ በቦታው ቆመ።

«አባት ይጥራ» አሉ ዳኛዋ።

«ካፊያ!»

«አቤት!» አለች ልጅቷ። በኢላሞር ሕፃናት አፍ ሲፈቱ ጀምሮ የሚማሩት ይህንኑ ነው። ቢተው ሦስት ጊዜ ጠራ፤ ሦስት ጊዜ አቤት ተባለ። ጸሐፊው ሦስት መስመር አሰመረ።

«እናት ትጥራ።»

እልፍነሽ ወደ መጋረጃው ዞረች። «ካፊያ!» አለች።

ምንም የለም። ጉሙ ሠርቶ ጨርሷል እንዴ? እልፍነሽ አንድ እርምጃ ወደ ፊት ቀረበች። «ካፊያ!» አለች እንደገና፣ ከዕቃ ዕቃ ጨዋታ መልሳ ወደ ምሳ እንደምትጠራት አድርጋ።

መጋረጃው ተነቃነቀ። «ወዬ?» የሚል ድምፅ ወጣ፤ እንደ መጠራጠር ያለ። በሦስተኛው ግን «ወዬ! ወዬ፣ እማ!» እያለች ስትጮኽና ጠባቂዋ ስትይዛት ተሰማ።

ጸሐፊው ብዕሩን አላነሣም። «ሦስት አቤት ለአባት» ብሎ አነበበ። «ለእናት፣ ምንም።»

ጓንጉል በትራቸውን መሬት ላይ ደበደቡ። «ምንም? ምንም ማለት ምን ማለት ነው? ልጅቷ አገሩን በጩኸት ስታናውጠው አልሰማህም?»

«ቃል ኪዳኑ አቤት ነው የሚለው» አለ ጸሐፊው።

«አቤት እንደሚል አውቃለሁ፤ ያወጅኩት እኔ ነኝ! የጻፉት ግን ሲጣሩ አሽከር እንጂ ልጅ መጥቶላቸው የማያውቅ መኳንንት ናቸው!»

ዳኛ ኦርሜ እጃቸውን አነሡ። «እናቲቱ ትናገር።»

እልፍነሽ ወደ ፊት ወጣች። ደብዳቤውንም ማኅተሙንም ረስታዋለች።

«እመቤቴ፣ አቤትን እኔ በደንብ አውቃታለሁ» አለች። «በአገሬ አደባባይ አርባ ቀን ሙሉ አቤት ስል ውያለሁ። አቤት ከእኛ በላይ ላለ ሰው የሚባል ነው፤ ይስማን አይስማን ሳናውቅ። ዳኛን አቤት እንላለን፤ ንጉሥን አቤት እንላለን። ልጄ እኔን እንደዚያ ፈርታኝ አታውቅም። እንደምሰማት ተጠራጥራም አታውቅም። ስጠራት ከጓሮ ሆና፣ አፏ ምግብ እንደሞላ፣ ወዬ ትለኛለች። ጥፋት ከሆነ ጥፋቱ የኔ ነው፤ ሥርዓት ሳላስተምራት ቀረሁ። ግን ለጠራኋት መልስ ሰጥታኛለች። በዚህ ሁሉ ጉም ውስጥ ሆና መልሳልኛለች!»

ዳኛዋ ቃል ኪዳኑን ገልጠው ዐዩ። «ይህ ‹ወዬ› የምትዪው በአገራችን የለም» አሉ ኋላ። «ልቤ ይሰማሻል፤ እኔ ግን የምፈርደው በማውቀው ቃል ነው። ወዬ ከአቤት እኩል እንደሚቆም የሚመሰክር የኢላሞር ተወላጅ አለ?»

ማን ይኖራል? ድንኳኑ ውስጥ ያሉት ሁሉ ነጫጭ ፊታቸውን ዝቅ አደረጉ። እልፍነሽ ዐይኗን ጨፈነች።

ያን ጊዜ ወይዘሮ ጠጂቱ ተነሡ። ወደ ዳኛዋ አላዩም፤ ወደ እልፍነሽም አላዩም። ወደ ልጃቸው ዞረው፣ እንደዚያ ቀን በነጠላ ሥር እንዳለ ሁሉ፣ በሹክሹክታ፣

«ቢተው» አሉት።

«ወዬ» አለ ቢተው።

አስቦ አልነበረም። ቃሉ ከአፉ ከወጣ በኋላ ነው ምን እንዳለ የሰማው። ያ ሦስት ዓመት አኩርፎ የኖረ ትልቅ ሰው እጁን አፉ ላይ ጫነ፤ ከዚያም ተቀምጦ እንደ ልጅ አለቀሰ።

«እኔ የኢላሞር ተወላጅ ነኝ» አለ ሲረጋጋ። «እመሰክራለሁ። ወዬ ከአቤት ይበልጣል። እልፍነሽ፣ እዚህ ካመጣኋት ጀምሮ ካፊያ አንድ ቀን እንኳ ወዬ አላለችኝም። ድሮ ትለኝ ነበር። እኔ የተሠራብኝን መልሼ በእርሷ ላይ ሠራሁ። ውሰጃት፤ ከቻልሽም ይቅር በዪኝ።»

ዳኛ ኦርሜ ብዕሩን ከጸሐፊው እጅ ተቀብለው፣ በቃል ኪዳኑ ላይ «አቤት» ከሚለው ቀጥሎ «ወይም ወዬ» ብለው በገዛ እጃቸው ጻፉ። መጋረጃው ተገለጠ። ካፊያ ቀይ ቀሚሷን ለብሳ እየሮጠች መጣችና የእናቷን ቀሚስ ጨብጣ አልለቅም አለች።

በማግስቱ ረፋድ ዘንዶው ጀርባ ላይ ደረሱ። ቢተውም ሊሸኛቸው መጥቷል። አንጓሎ ዐይኑን ከፈተ። «ነፍስ ይዛችኋል። ምትኩ ማን ነው?»

«እኔ ነኝ» አለች እልፍነሽ ልጇን ከአንገቷ እያላቀቀች። «አያ ጓንጉል፣ ይያዟት።»

«አርፈሽ ተቀመጪ» አሉ ወይዘሮ ጠጂቱ። ትንሿን ስልቻቸውን ገልብጠው አሳዩ፤ ባዶ ነበረች። «የመልስ ስንቅ ስይዝ ዐይተሽኛል? እኔ እኮ ከቤቴ ስወጣ የመሄጃዬን ብቻ ነው የቋጠርኩት።»

«እማማ፣ እንደ ቢተው ተወላጅ አይደሉም፤ መቶ ቀን ሲሞላ እኮ ጉሙ ሁሉንም ያስረሳዎታል! እኛንም፣ አገርዎንም!»

«እስከዚያ ከልጄ ጋር መቶ ቀን አወራለሁ። የሦስት ዓመት ዝምታው ይብስብኝ ነበር።» ወደ ዘንዶው ዞሩ። «አንተ፣ ዛሬ ደብቄ የማሻግረው ነገር የለም። ቁጠረኝ።»

«በዚያን ቀንም አላታለልሽኝም» አለ አንጓሎ። «ከነጠላሽ ሥር ወዬ ያለውን ሰምቼ ነው ዝም ያልኩት።»

ወይዘሮ ጠጂቱ ጎንበስ ብለው ካፊያን ሳሟት። «ስናፍቅሽ ገደሉ አፍ ላይ ቁሚና ጥሪኝ፤ እሺ?»

«ምን ብዬ፣ እምዬ?»

«እንዲሁ፣ እንደለመድሽው።»

ከዚያ የልጃቸውን ክንድ ይዘው ወደ ጉሙ ገቡ። እልፍነሽ እስከሚሰወሩ ድረስ ቆማ ዐየች፤ ነጠላቸው ከጉሙ ጋር አንድ ሲሆን እንባዋ እየወረደ ልጇን ይዛ ተሻገረች።

ሸንበላ ሲደርሱ ሊቀ ዳኞች አጽቁ ሰው አላዘዙም፤ በስተርጅና መሰላሉን ራሳቸው ወጥተው በርኖሱን ፈቱት። ጓንጉል ከደወሉ ሥር ቆመው የንጉሡን አዲስ አዋጅ አሰሙ፦ «ስማ፣ ስማ! ልጅን ከለመደው ቤት፣ ያለ ፈቃድና ያለ ፍርድ፣ እናትም ትሁን አባት የወሰደ፣ ደወሉ ይጮኽበታል። ዳኛም በዚያው ቀን ከወንበሩ ይነሣል!» የመጨረሻዋ ዐረፍተ ነገር በንጉሡ ወረቀት ላይ አልነበረችም፤ ሽማግሌው ከራሳቸው ጨምረዋት ነው። ማንም ግን አላረማቸውም።

እልፍነሽ ቤቷን ሸጣ ዶፋ ገደል አፋፍ ላይ ጎጆ ሠራች። ገመድ የትም ቢሆን ይገመዳል። ቅዳሜ ቅዳሜ ካፊያ ከአፋፉ ቆማ «አባ!» ስትል ከማዶ «ወዬ!» ይላታል፤ «እምዬ!» ስትል «ወዬ፣ የኔ እናት!» ትባላለች። የሳምንቱን ወሬ ሁሉ በጩኸት ይጨዋወታሉ።

መቶው ቀን ካለፈ በኋላ በመጣው ቅዳሜ እልፍነሽ ልጇን ልትወስዳት አልፈለገችም። ካፊያ ግን ቀድማት ሮጠች።

«እምዬ!»

ጉሙ ዝም አለ። ካፊያ ጠበቀች። እልፍነሽ ከኋላዋ መጥታ ትከሻዋን ያዘች። «ነይ በቃ፣ እምዬ ደክሟት ይሆናል» ልትላት አፏን ስትከፍት፣ ከማዶ ቀጭን የአሮጊት ድምፅ መጣ።

«ወዬ!» አለ። ትንሽ ቆየና «ማነሽ አንቺ?»

ካፊያ እጇን አፏ ዙሪያ አድርጋ፣ ምንም ሳይከፋት፣ ድምፅዋን ከፍ አደረገች።

«እኔ ነኝ፣ ካፊያ!»